እህል መጋዘን የገባችው እንግሊዛዊት

የያዙኝ በማስተምርበት ክፍል ውስጥ ነው። ለስምንተኛ ክፍል ተማሪዎች የእንግሊዝኛ ኃላፊ ጊዜ ግሥ እያስጻፍኩ ሳለ ሁለት አብዮት ጥበቃዎች በሩ ላይ ቆሙ። አንደኛው ጠመንጃውን አንግቶ ወደ ውጭ ያያል። ሌላው ሰሌዳው ላይ የጻፍኩትን እስከ መጨረሻው አነበበና፣ "ትፈለጊያለሽ፤ ነይ" አለኝ። ጠመኔውን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጥኩ። ተማሪዎቹ ከመቀመጫቸው ተነሱ፤ አስተማሪ ሲወጣ እንዲነሱ ያስለመድኳቸው እኔው ነበርኩ። "ቁጭ በሉ" ሳልላቸው ወጣሁ።

ሰው የሚያዝበት ዘመን ስለነበር ለምን ብዬ አልጠየቅሁም። የቀይ ሽብሩ ወሬ በየአውቶቡሱ ከደሴም ከአዲስ አበባም እኔ ወደማስተምርባት ወደ ከሚሴ ከተማ ይደርስ ነበር። እኔ በየትኛውም ድርጅት ውስጥ አልነበርኩም። ይህን የምጽፈው ለመኩራትም ለማፈርም አይደለም፤ እንዲያው እንደዚያ ስለነበር ነው።

ያስገቡኝ ቤት ከአንድ ነጋዴ የተወረሰ የማሽላ መጋዘን ነበር፤ ከአስፋልቱ ጀርባ፣ ቀበሌው ጽሕፈት ቤት አጠገብ። ወንዶቹ በትልቁ ክፍል ናቸው። እኛ ሴቶቹ ድሮ ባዶ ጆንያ ይከመርበት በነበረው ጠባብ ክፍል ነበርን። መስኮት የለውም። ከጣሪያው ሥር ለነፋስ የተተወ ቀዳዳ አለ፤ በእሱ በኩል የመኪና ድምፅና አዛን ይገባል። ከሰዓት በኋላ ቆርቆሮው ሲግል ከወለሉ ስንጥቅ የከረመ እህልና የነቀዝ መድኃኒት ሽታ ይነሳል። ሽታው አፍ ውስጥ ይገባና ከምራቅ ጋር ይዋጣል። እስከ ዛሬ ማሽላ የምገዛው ሰው ልኬ ነው።

በዕድሜ ከሁላችን የሚበልጡ አንዲት ሴት ነበሩ። ባቲ ገበያ ላይ ሽርጥና ጨርቅ የሚነግዱ፣ አጥንታቸው ሰፋ ያለ፣ ድምፃቸው ቀስ ያለ። ስገባ ጠጋ ብለው ቦታ ለቀቁልኝ።

"አካም ጅርታ፣ ኢንተላ ኮ?"

ኦሮምኛዬ ከሚሴ ስኖር የለመድኩት ያህል ብቻ ነው፤ ደህና ነሽ ወይ፣ ልጄ ማለታቸው ግን ገባኝ። "ደህና ነኝ፣ እማ" አልኳቸው። ደህና እንዳልሆንኩ ስለሚያውቁ ፈገግ አሉ።

"አብሽሪ። ቁጭ በይ። እዚህ ጋ ሙቀቱ ይሻላል።"

ምን አድርገው እንደታሰሩ ጠየቅኳቸው። ምንም አላደረጉም። የሚፈለገው ልጃቸው ነበር፤ ደሴ የሚማር አንድ ልጅ። ሊይዙት ሲመጡ ስላጡት እናቱን ወሰዱ።

"እሱ እስኪመጣ አንቺ ተቀመጪ አሉኝ" አሉ። "አይመጣም። ኢንሻአላህ አይመጣም።"

ልጇ እንዳይመጣ የምትጸልይ እናት ያየሁት ያኔ ነው። ከአፋሮቹ ጋር ዕድሜያቸውን ሙሉ ሲነግዱ የኖሩ ሰው ናቸው፤ ልጃቸውን በረሃውን የሚያሻግረው ወዳጅ እንደማይጠፋ አንድ ቀን በጆሮዬ ነገሩኝ። ከዚያ ወዲያ አንስተውት አያውቁም።

በማግስቱ የከተማው ካድሬ አስጠራኝ። ወጣት ነው፤ ከእኔ እምብዛም አይበልጥም። ቀድሞ በሌላ ከተማ አማርኛ ያስተምር እንደነበር ሰምቻለሁ። ጠረጴዛው ላይ ከቤቴ ሲፈተሽ የተገኘ ስስ መጽሐፍና የእጅ ጽሑፌ ነበር። መጽሐፉን አዲስ አበባ መምህራን ማሠልጠኛ ስማር፣ አብዮቱ ሲመጣ አገሯ የተመለሰች መምህራችን የሰጠችኝ ነው። መጻሕፍቷን ደርድራ የምትፈልጉትን ውሰዱ ስትለን ሻንጣዬ ትንሽ ስለነበረች ስሱን አነሳሁ። የአንዲት እንግሊዛዊት ግጥሞች ናቸው። ከሚሴ ተመድቤ ስመጣ ከሰዓት በኋላ ሥራ ሳጣ አንዳንዶቹን ወደ አማርኛ እመልስ ነበር።

"ይህቺ ሴት ማን ናት?" አለኝ።

"ገጣሚ ናት።"

"የት ነው ያለችው?"

"ሞታለች።"

"ማን ገደላት?"

"አርጅታ ነው" አልኩ።

ቀና ብሎ አየኝ፤ የቀለድኩበት መሰለው። ስለ ሴትዮዋ የማውቀውን ሁሉ እንድናገር አዘዘኝ። የማውቀው መግቢያው ላይ የተጻፈውን ነው። የጫማ ሠሪ ልጅ ናት። የገጠር ትምህርት ቤት ሕፃናት ታስተምር ነበር። እናቷ ስትታመም ሥራዋን ትታ አስታማሚ ሆነች፤ አላገባችም። እናትየው ስትተኛ ወጥ ቤት ገብታ ትጽፋለች። በወጣትነቷ ግጥሞቿን ለአሳታሚዎች ልካ ነበር፤ ሁሉም መለሱላት። አንደኛው፣ ስለ ጓዳ የተጻፈ ግጥም የሚገዛ የለም ብሎ ጻፈላት። ከዚያ መላኩን ተወች፤ መጻፉን ግን አልተወችም። የጻፈችውን በብስኩት ቆርቆሮ ውስጥ ታስቀምጠዋለች። አርባ ዓመት ያህል እንዲህ ቆየች። እናቷ ከሞተች በኋላ ቤት የተከራየቻት አንዲት ሴት ቆርቆሮውን አየች፤ በእሷ ጉትጎታ ነው የመጀመሪያ መጽሐፏ የወጣው። ገጣሚዋ ያኔ ስልሳ አልፏት ነበር። ብዙም ሳትቆይ ሞተች።

ካድሬው አላቋረጠኝም። ስጨርስ እርሳሱን አስቀመጠ።

"አርባ ዓመት ማንም ሳያነብላት ጻፈች?"

"አዎ።"

"ለማን?"

"አላውቅም።"

"ሰው ለማንም ሳይል አይጽፍም" አለ። "ለማን እንደምትጽፊ ንገሪኝ።"

ስለ እሷ ሲጠይቅ ቆይቶ በአንድ ጊዜ ወደ እኔ ዞረ። እኔ የመለስኩት ግጥም ውስጥ እናት፣ ውርጭና እሳት የሚሉ ቃላት አሉ። እናት ድርጅቱ ነው፣ ውርጩ መንግሥት ነው፣ እሳቱ ደግሞ ጥይት ነው አለኝ። ወረቀቱ ለማን እንደሚደርስ ከተናገርኩ እንደሚቀልልኝ ነገረኝ። የሚደርሰው ሰው አልነበረም። ይህን ማስረዳት እንዴት እንደሚከብድ የሚያውቀው የተጠየቀ ሰው ብቻ ነው።

ያን ቀን ውስጥ እግሬን ገረፉኝ። ስለ እሱ ብዙ አልጽፍም። ወደ ክፍሉ የመለሱኝ ደግፈው ነው። እማ እግሬን ጭናቸው ላይ አድርገው፣ ከቤታቸው ከመጣላቸው ስንቅ ላይ ቅቤውን በጣታቸው እየጠረጉ ቀቡት። ሲቀቡ አያዩኝም፤ ግድግዳውን ነበር የሚያዩት።

"ምን አድርገሽ ነው?" አሉኝ ቆይተው።

"አንዲት እንግሊዛዊት የጻፈችውን ግጥም ወደ አማርኛ መልሼ።"

"እሷስ? ታሰረች?"

"እሷማ ሞታለች።"

"እሷማ ተገላገለች" አሉና ሳቁ። እግሬ እንደዚያ ሆኖ እኔም ሳቅሁ።

ከዚያ በኋላ ሙቀቱ ሲበረታ፣ ሌሎቹ ሲያንቀላፉ፣ ስለ ሴትዮዋ እንድነግራቸው ይጠይቁኛል። ግጥሙን ሳይሆን ኑሮዋን ነው የሚፈልጉት። እናቷን ምን እንዳመማት፣ ገላዋን ማን እንዳጠበላት፣ ወንድም የነበራት እንደሆነ፣ ወጥ ቤቱ ብርሃን ይገባው እንደሆነ። መጽሐፉ ላይ የሌለውን ሲጠይቁኝ አላውቅም እላቸዋለሁ፤ ቅር ይላቸዋል። ስሟን ደጋግመው አስጠሩኝ። ለምላሳቸው የማይመች ስም ነበር፤ በራሳቸው መንገድ አለዝበው ያዙት።

አንድ ቀን ያስገረፈኝ ግጥም የትኛው እንደሆነ ጠየቁኝ። ነገርኳቸው። እናቷ በሞተች ሰሞን ሴትዮዋ ጠዋት ወደ ጓሮ ትወጣለች። ማታ ያሰጣችው የእናቷ የሌሊት ቀሚስ ገመዱ ላይ ውርጭ መትቶት ደርቆ፣ እጅጌው እንደተዘረጋ፣ ሰው መስሎ ቆሟል።

"ውርጭ ስሙን እንጂ አላውቀውም" አሉ የባቲዋ ሴት። "ልብስ ያቆማል?"

"ውስጡ ያለው ውሃ ይጠጥርና እንደ እንጨት ያደርገዋል።"

"እሺ።"

"ቀሚሱን እንደ ሰው ታቅፋ ወደ ቤት አስገባችው። እሳት አጠገብ ወንበር ላይ አስቀመጠችው። ሲሞቀው አንገቱ ዘመም አለ፤ እጁ ወረደ፤ ጨርቅ ሆነ። በዚሁ ያበቃል።"

መንገዱ ላይ ከባድ መኪና ማርሽ ሲቀይር ይሰማ ነበር።

"ባታስገባው ይሻላት ነበር" አሉ እማ።

የአብዮት በዓል ሲቃረብ ካድሬው እንደገና አስጠራኝ። ያን ቀን ገራፊው አልነበረም። ወንበር አቀረበልኝ፤ ሻይ አዘዘልኝ። የእጅ ጽሑፌ ፊቱ ነበር፤ ዳር ዳሩ ላይ በእርሳስ ብዙ ተጽፎበታል።

"እኔም ግጥም እሞክራለሁ" አለኝ። እንደዚያ ሲል ፊቱ የሌላ ሰው ሆነ። በተማሪነቱ ለጋዜጣ ልኮ እንዳልወጣለት፣ ስንኙ ደካማ ነው እንዳሉት ነገረኝ። "ይህቺ ግን ጥሩ ናት። ለበዓሉ ትሆነናለች። ትንሽ ብትስተካከል ነው።"

ማስተካከያው እንዲህ ነበር፤ እናት አገር ትሆናለች፤ የሌሊት ቀሚሱ የተሰዋ ጓድ ሸሚዝ ይሆናል፤ ውርጩ የፊውዳሉ ሥርዓት፣ እሳቱ የአብዮቱ እሳት። መጨረሻው ላይ ሸሚዙ ጨርቅ መሆኑ ቀርቶ ተነስቶ ይዘምታል። ስንኙን እኔ እንዳስተካክልለት ፈለገ። ለበዓሉ ምሕረት የሚደረግላቸው እስረኞች አሉ፤ ከእነሱ ጋር ቤቴ እገባለሁ።

"አልችልም" አልኩት።

"ቋንቋውን ታውቂያለሽ። ለምን አትችዪም?"

"የእኔ አይደለችም።"

"የሞተች ሴት ምን ታደርግሻለች?"

"ስለ እናቷ ነው የጻፈችው። አገር ላደርጋት አልችልም።"

ሻዩ እንዲነሳ ምልክት ሰጠ፤ ገና ግማሹን አልጠጣሁትም ነበር። "እኔ እችላለሁ" አለ።

ወደ ክፍሉ ተመልሼ ለእማ ነገርኳቸው። ደስ ይላቸዋል ብዬ ነበር። ተቆጡ።

"ቤትሽ ልትገቢ ነበር?"

"አዎ፣ እማ።"

"ለማታውቂያት ፈረንጅ ብለሽ?"

ፊታቸውን አዙረው ተቀመጡ። ስግደታቸውን ጨርሰው ከወገባቸው ቀና ካሉ በኋላ ነው ያናገሩኝ። "እኔንም ልጅሽ ያለበትን ተናገሪና ቤትሽ ግቢ ብለውኛል" አሉ። በዚያ ከሰዓት ስንቃቸውን ከእኔ ጋር በሉ።

በበዓሉ ቀን እስረኛውን ሁሉ አውጥተው ግቢው ውስጥ ፀሐይ ላይ አስቀመጡን። ሰልፉ ያለበት ሜዳ ሩቅ ስላልሆነ ድምፅ ማጉያው ጥርት ብሎ ይሰማል። መፈክር ተባለ፤ ከጨፋ የመጡ ገበሬዎች እየተጠሩ ሲያልፉ ሰማን፤ ንግግር ተደረገ። ከዚያ የካድሬው ድምፅ መጣ። ድምፁ ያምር ነበር፤ ይህን መካድ አልችልም። ግጥሙን በራሱ ስም አስተዋውቆ አነበበ። በአማርኛ በሰው ፊት ስትነበብ ስሰማት የመጀመሪያ ጊዜዬ ነበር፤ ያውም እንደዚያ ተለውጣ።

እማ ወደ እኔ ጠጋ አሉ። "ይቺ የአንቺ ሴትዮ አይደለችም?"

"ነበረች።"

"ሸሚዝ ይላል እኮ። ቀሚስ ነበር።"

"አዎ፤ ቀሚስ ነበር።"

"የናቷን?"

"አዎ።"

"ወየው" አሉ በዝግታ። እንደ ሰው ሞት ነበር ያሉት።

ሜዳው አጨበጨበ፤ ጠባቂዎቹም እንድናጨበጭብ አዘዙን። አርባ ዓመት ቆርቆሮ ውስጥ የተቀመጠ ነገር በመጨረሻ ሕዝብ ፊት ወጣ፤ የጻፈችው እንግዲህ ለዚህ ኖሯል ብዬ አሰብኩ። ያኔ የተሰማኝ ንዴት አልነበረም። የሆነ ነገር አፌ ውስጥ መረረኝና እስከ ማታ አለቀቀኝም።

ካድሬው ሰልፉ እንዳበቃ አዲሱን ካኪውን እንደለበሰ መጋዘኑ መጣ። ክፍላችን በር ላይ ቆመ። ላብ አጥምቆታል፤ ደስ ብሎታል።

"ሰማሽ?"

"ሰማሁ።"

"እንዴት ነበር?"

የሚገርመው፣ የምር ነበር የሚጠይቀኝ። በዚያች ከተማ ዋናውን ከእሱ ሌላ የማውቀው እኔ ብቻ ነኝ፤ ከእኔ አፍ ጥሩ ነው የሚል ቃል ሊሰማ ነው የመጣው። እግሬን ያስገረፈ ሰው እንደ ተማሪ ቆሞ ይጠብቀኛል።

"ስሟን አልጠሩትም፣ ጓድ" አልኩት።

"የማንን?"

ሙሉ ስሟን ጠራሁለት፤ ክፍል ውስጥ ለተማሪ እንደምጠራው፣ ሳልቸኩል። ከኋላዬ እማ በዚያ በለዘበ አጠራራቸው ደገሙት። ከዚያም ሌላ እስረኛ ሴት ደገመችው፤ ከዚህ በፊት አንድ ቀን እንኳ ስለ ሴትዮዋ ጠይቃኝ የማታውቅ፣ ትተኛለች ብዬ የማስባት። ካድሬው በየተራ አየን። አልጮኸም። በሩን ራሱ ዘግቶ ሄደ።

ምሕረት ከተደረገላቸው መካከል ስሜ አልነበረም። ይጠበቅ ነበር።

ከበዓሉ ጥቂት ቀን ቆይቶ፣ ገና ረፋዱ ላይ፣ ጠባቂው በሩን ከፍቶ፣ "የባቲዋ! ዕቃሽን ይዘሽ ውጪ፤ ተፈትተሻል" አለ።

አንዷ እልል ልትል አፏን ከፈተች። የእማን ፊት ስታይ ተወችው። ልጅሽ እስኪመጣ የተባለች እናት ተፈታለች ማለት ምን ማለት እንደሆነ ለመረዳት ጊዜ አልወሰደብንም። በረሃ ሳይደርስ ይያዝ፣ ከተሸሸገበት ይውጣ አናውቅም። እማ ግን ተነሱ።

"ልጄን አግኝተውታል" አሉ።

"ውጪ እንጂ!" አለ ጠባቂው።

"ውሃ አላችሁ?" ብለው ወደ እኛ ዞሩ። የመጠጥ ውሃችንን በጣሳ አቀበልናቸው። ጥግ ላይ ቁጢጥ አሉና ለስግደት እንደሚታጠቡት መታጠብ ጀመሩ። እጃቸውን፣ አፋቸውን፣ አፍንጫቸውን፣ ፊታቸውን። እጃቸውን እስከ ክርናቸው። በየመካከሉ ይቆማሉ፤ ከንፈራቸው ይንቀሳቀሳል።

"ምን እየሠራሽ ነው? ሰው ይጠብቅሻል!"

"ፈትታችሁኝ የለ?" አሉት ቀና ሳይሉ። "የተፈታ ሰው በራሱ ጊዜ ነው የሚወጣ።"

ጠባቂው እግሩን አንዴ ወደ ውስጥ፣ አንዴ ወደ ውጭ አደረገ። ገብቶ ሊጎትታቸው ይችል ነበር። ክፍሉ ውስጥ ያለነው ሴቶች ሳንነጋገር ተነስተን ቆምን፤ በእሱና በእሳቸው መካከል ሆንን። እማ ጸጉራቸውን በእርጥብ እጃቸው ዳሰሱ፤ ጆሯቸውን፤ በመጨረሻ እግራቸውን፣ ቀኙን አስቀድመው። ሻሻቸውን ፈትተው አራግፈው እንደገና አሰሩ። ቀሚሳቸው ላይ የተጣበቀውን የማሽላ ገለባ አንድ በአንድ ለቀሙ። ከዚያ ሁላችንንም ሳሙን።

"አብሽሪ፣ ኢንተላ ኮ" አሉኝ። ጉንጫቸው ቀዝቃዛ ነበር።

ጠባቂው መንገድ ለቀቀላቸው። ቀና ብለው ወጡ።

እኔ ብዙ ሳልቆይ ወደ ደሴ ተዛወርኩ። ከዚያም ብዙ ቆየሁ። ስፈታ ጥፋትሽ ይህ ነበር ያለኝ የለም። እንደተፈታሁ ባቲ ወረድኩ። ገበያው እንደነበረ ነው፤ አፋሮቹ ከግመሎቻቸው ጋር፣ ደገኞቹ ከእህላቸው ጋር። ሽርጥ የሚሸጡትን እየጠየቅሁ ቤታቸውን አገኘሁት። ሌላ ሰው ይኖርበታል። ጎረቤታቸው ናት የነገረችኝ፤ እማ የተፈቱ ዕለት የልጃቸውን ሬሳ ሊቀበሉ የተጠሩበት ቦታ ሄደው ነበር። ተቀብሯል አሏቸው። የት ብለው ቢጠይቁ አይነገርም አሏቸው። ንግዳቸውን ትተው ዓመት ሳይሞላቸው አረፉ።

ካድሬው የት እንደደረሰ አላውቅም። ግጥሙ በዘመኑ በወጣ አንድ መድበል ውስጥ በስሙ ታትሞ አይቻለሁ። የሚያውቁት ሰዎች ጥሩ ገጣሚ ነበር ይላሉ።

ዛሬ ያቺ እንግሊዛዊት የመጀመሪያ መጽሐፏ ሲወጣ ከነበረችበት ዕድሜ አልፌያለሁ። ታሪኳን የነገርኳቸው ሰዎች ደስ ይላቸዋል። ታግሣ አገኘች ይላሉ፤ ለወጣቶች መምከሪያ ያደርጓታል። ከመታሰሬ በፊት እኔም እንደዚያ ነበር የማስባት። አሁን የሚታየኝ ወጥ ቤቱ ነው፤ የተመለሱት ፖስታዎች፤ መጽሐፉ ሲወጣ የምታሳየው እናት እንዳልነበራት። መጨረሻ ላይ የመጣው ነገር ለቀረው ሁሉ ካሣ አይሆንም። ሰው በስተእርጅናው ሲከበር ያየን እንደሆነ ዘመኑን ሙሉ የበደሉትን ሰዎች ጥፋት እንረሳላቸዋለን፤ የሚጠቅመው በዳዮቹን ነው። ግጥሟን እንደገና መልሼዋለሁ፤ ቀሚሱ ቀሚስ፣ እናቷም እናቷ ሆና። ለማሳተም ወደ ማንም አልሄድኩም።

ባለፈው ዓመት ወደ ደሴ ስሄድ ከሚሴ ወረድኩ። መጋዘኑ አለ። ለሁለት ተከፍሎ ግማሹ የባጃጅ መለዋወጫ ይሸጥበታል። ባለሱቋ ሴት ጎማና መስታወት መካከል ተቀምጣለች።

"ምን ልስጥዎት፣ እናቴ?"

"ምንም። ቤቱን ለማየት ነው።"

"ያውቁታል?"

"ታስሬበታለሁ" አልኳት።

ስልኳን አስቀመጠች። ወደ ጣሪያው፣ ወደ ግድግዳው አየች፤ የራሷን ሱቅ አዲስ ቤት እንደምታይ ሆና። ወንበሯን ለቃ ሰጠችኝ፤ ራሷ ካርቶን ላይ ተቀመጠች። ነገርኳት። ደንበኛ ሲመጣ ቆይ እያለች እስክጨርስ ሰማችኝ።

"እስከ ዛሬ ለምን አልተናገሩትም?" አለችኝ።

"እስከ ዛሬ የጠየቀኝ የለም" አልኳት።